ከስድሳ አርባ ስምንት

«ጃኬቷ ግራጫ ነበር። ልብ በሉ፣ ግራጫ» አለ የዩኒቨርሲቲው የኬሚስትሪ ክፍል ኃላፊ፣ በፍርድ ቤቱ ኮሪደር አግዳሚ ወንበር ላይ የተደረደሩትን አራት መምህራን አንድ በአንድ እያየ። «የጻፈችው ሰሌዳ ላይ ነው፤ ፕሮጀክተር አልተጠቀመችም። ርዕሱ ውሃ ውስጥ ያለ የኖራ መጠን እንዴት እንደሚለካ። አርባ ደቂቃ ፈጀች። ድምጿ ከኋላ አይሰማም። በቃ፣ ይኸው ነው።»

«ጫማዋስ?» ሲል ጠየቀ ከአራቱ አንዱ።

«ጫማ ማን ያያል ሰውዬ?»

ስለ ጫማ የጠየቀው መምህር ሁለት የዶክትሬት ዲግሪ አለው፤ ሁለቱንም ሳያነሳ ስለማይውል ተማሪዎቹ «ሁለት ዶክተር» ብለውታል። ሁለት ዶክተር ከኪሱ ማስታወሻ አውጥቶ «ግራጫ» ብሎ ጻፈና ከሥሩ አሰመረበት። የመማር መጨረሻው ይኼ ከሆነ ጉድ ነው እንግዲህ፤ አምስት ዶክተሮች በጠዋት ተሰብስበው አንዳቸውም ያላዩትን ጃኬት ቀለም ይሸመድዳሉ። ተማሪ እንዲህ ተሰብስቦ መልስ ሲያጠና ቢያገኙት ከፈተና ያባርሩታል፤ ከማባረራቸው በፊት ደግሞ ስለ ሥነ ምግባር ግማሽ ሰዓት ይሰብኩታል።

ከአግዳሚው ዳር የተቀመጡት ሽማግሌ ምንም አልጻፉም። ጋሽ ይሁን ይባላሉ። እናታቸው ያወጡላቸው ስም አይደለም፤ ሠላሳ አንድ ዓመት ሲያስተምሩ፣ በየስብሰባው ሐሳባቸውን በተጠየቁ ቁጥር «ይሁን» ከማለት በቀር የሰጡት ሐሳብ ስለሌለ ባልደረቦቻቸው ያወጡላቸው ነው። ዝም አይነቅዝም የሚለውን ተረት እንደ ኪኒን ጠዋት ማታ የወሰዱ ሰው ናቸው። ከሁለት ወር በኋላ ጡረታ ይወጣሉ። ከዚያ ወዲያ ሁለት ዓመት በኮንትራት እንዲያስተምሩ የሚፈቅደው ደብዳቤ ተጽፎ አልቋል፤ የቀረው የክፍሉ ኃላፊ ፊርማ ብቻ ነው።

«ጋሼ» አለ ኃላፊው ወደ እሳቸው ጎንበስ ብሎ፣ «ያቺ አርባ ስምንትዎ ብቻ ናት የምታስቸግረን። ምን ይሏታል?»

«ለተማሪ እጄ አይጨክንም እላለሁ።»

«እንደሱ ይበሉ። ደብዳቤዎ ጠረጴዛዬ ላይ ነው፤ ከዚህ እንደተመለስን እፈርመዋለሁ።»

«ይሁን» አሉ ጋሽ ይሁን።

ነገሩ የተጀመረው ከአሥር ወር በፊት ነው። ከሳሿ የክፍሉ የራሱ የላቦራቶሪ ቴክኒሻን ናት። አሥራ አንድ ዓመት ብልቃጥ አጥባለች፣ አሲድ በርዛለች፣ የተበላሸ ሚዛን ጠግናለች። እነዚህ ዶክተሮች «ጥናታችን» እያሉ በየመጽሔቱ ያሳተሙትን ቁጥር ቁጭ ብላ የለካችው እሷ ናት። እነሱ ግን ስሟን እንኳ አይጠሩም፤ «ጠርሙስ» ነው የሚሏት። «እስቲ ጠርሙስን ላኩልኝ» ይላል ኃላፊው፣ እሷ በሩ ላይ ቆማ እየሰማች። ጠርሙስ ከሥራ በኋላ እየተማረች፣ ሁለት ልጆች እያሳደገች፣ ሰባት ዓመት ፈጅቶባት ዶክትሬቷን ያዘች። የመምህርነት ክፍት ቦታ ማስታወቂያ ሲለጠፍ እንደ ማንኛውም ሰው ማስረጃዋን አያይዛ አመለከተች።

ኃላፊው ቦታው ላይ ሊያስገባው የሚፈልገው የእህት ልጅ የለውም። ቢኖረው ኖሮ ሰው ለሥጋው ያዳላል ተብሎ ይታለፍ ነበር። የእሱ ጭንቀት ሌላ ነው፤ ብልቃጡን ስታጥብለት የኖረች ሴት በመምህራን ክበብ ከጎኑ ተቀምጣ ሻይ እንዳትጠጣ ነው። ለዚህ ሲል ቦታው ዘጠኝ ዓመት ባዶውን ቢቀመጥ ግድ የለውም። ወንበሩ ትልቅ ነው፤ ሰውየው ግን ትንሽ ነው።

ደንቡ ቀላል ነው። አመልካች በአምስት ፈታኞች ፊት የሙከራ ትምህርት ይሰጣል፤ እያንዳንዱ ፈታኝ ከስድሳ ነጥብ ይሰጣል፤ የአምስቱ አማካይ ከሠላሳ በታች ከሆነ አመልካቹ ለውድድር ብቁ አይደለም። በአንድ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ሦስት አመልካቾች ተጠሩ። የመጀመሪያው አስተምሮ ወደቀ፤ ሁለተኛው አስተምሮ አለፈ፣ ኋላ ግን የተሻለ ሥራ አግኝቶ ሄደ። የአሥር ሰዓቷ ተረኛ ጠርሙስ ነበረች።

ከሁለተኛው በኋላ የአሥር ደቂቃ ዕረፍት ተባለ። ኃላፊው «እሷን እነሱ ይሰሟታል» ብሎ መኪናውን አስነሳ። ሁለት ዶክተር «እነሱ ይሰሟታል» ብሎ ሌላ ኮሌጅ ሊያስተምር ሄደ። የቀሩት ሁለቱም እንደዚያው። ጋሽ ይሁን ከጠዋት ጀምሮ ጥርሳቸውን ሲያማቸው ስለዋለ፣ «እነሱ ይሰሟታል» ብለው መንጋጋቸውን በመሐረብ ይዘው ወደ ቤታቸው ገቡ። ልጅቷ በሰዓቷ መጥታ ርዕሷን ሰሌዳው ላይ ጻፈችና በሃምሳ ባዶ ወንበሮች ፊት እስከ አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ቆመች። ከዚያ ሰሌዳውን አጠፋች፣ ጋዋኗን ለበሰች፣ ወደ ላቦራቶሪዋ ወርዳ የተከማቸውን ብልቃጥ አጠበች።

በማግሥቱ ጸሐፊዋ አምስቱን የነጥብ መስጫ ቅጾች በአንድ ፎልደር ይዛ ከቢሮ ቢሮ ዞረች። እዚያ ክፍል ቅጽ ባዶውን አይመለስም፤ ነውር ነው። ኃላፊው ሃያ አምስት ሰጠ፤ «ድምጿ ከኋላ አይሰማም» የሚል አስተያየትም ጨመረበት። ተከታዩ ያንን አየና ሃያ አራት ሰጠ። ሁለት ዶክተር ጠንቃቃ መሆኑ እንዲታወቅለት ሃያ ሦስት ተኩል ጻፈ። አራተኛው ሃያ ስድስት። ፎልደሩ መጨረሻ የደረሰው ጋሽ ይሁን ዘንድ ነው። የአራቱን ቁጥር አንድ በአንድ አነበቡ፤ ልጅቷን ይወዷታል፣ ሥራዋንም ያውቃሉ። «ልርዳት» ብለው አርባ ስምንት ጻፉላት። ስድሳ ከስድሳ ያስጠረጥራል ብለው ነው እዚያ ላይ ያቆሙት። አስተያየት በሚለው መስመር ላይ «ጥሩ ናት» ብለው ፈረሙ።

እያንዳንዱ የሚያውቀው ራሱ እንዳልነበረ ብቻ ነው፤ ሌሎቹ ሰምተዋታል ብሎ ያምናል። ልጅቷ «ለውድድር ብቁ አይደለሽም» የሚል ደብዳቤ ደርሷት፣ ሳልፈተን ማን ጣለኝ ብላ ስትከስ ነው አምስቱ ተያይተው ማንም እንዳልነበረ የገባቸው። የሚያፍር ሰው ቢሆን ያኔ ሄዶ ይቅርታ ይጠይቅ ነበር። እነሱ ግን ስብሰባ ተቀምጠው፣ ሁሉም እንደነበሩ በሙሉ ድምፅ ወሰኑ። ጋሽ ይሁንም «ይሁን» ብለው ቃለ ጉባኤው ላይ ፈረሙ።

ዛሬ ጠዋት ከረባታቸውን ሲያስሩ ባለቤታቸው ከስፌት መኪናዋ ቀና ሳትል ጠይቃቸው ነበር።

«ፍርድ ቤት የምትሄደው ለማን ነው? ለዚያች ለላቦራቶሪዋ ልጅ?»

«አዎ። ስታስተምር አይተናል ብለን ልንመሰክር።»

«መቼ ነው ያስተማረችው?»

«አንድ ሐሙስ ነው። ያኔ ጥርሴን ባመመኝ ሰሞን።»

መኪናዋ ቆመች።

«ሰሞን ነው ዕለት?»

ጋሽ ይሁን ያሰሩትን ከረባት ፈትተው እንደገና ማሰር ጀመሩ።

«አሥር ሰዓት ሳይሞላ መጥተህ ጥርስህ ላይ ቅርንፉድ ያደረግሁልህ እኔ አይደለሁም?» አለች። «ታዲያ በየትኛው ዓይንህ አየሃት?»

«ሌሎቹም አላዩዋትም። ሁላችንም ነን።»

«ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ!» አለችና በጥርሷ ክር በጠሰች። «እኔ የተማርኩት እስከ ስድስተኛ ክፍል ነው። ግን ሳልለካ የሰው ጨርቅ ቆርጬ አላውቅም።»

«ደብዳቤዬ ያለው እሱ እጅ ነው እኮ።»

«አውቃለሁ» አለችና መኪናዋን አስነሳች። የልጃቸው የመጨረሻ ዓመት ትምህርት በዚያ ደብዳቤ ላይ የተንጠለጠለ መሆኑን እሷም ታውቃለች።

አሁን ኮሪደሩ ላይ ምስክሮቹ አንድ በአንድ መጠራት ጀመሩ። መጀመሪያ የገባው ኃላፊው ነው፤ መስክሮ ሲጨርስ እዚያው ችሎቱ ውስጥ ተቀመጠ። ሁለት ዶክተር ግን ሌላ ኮሌጅ ክፍለ ጊዜ ነበረውና፣ መስክሮ እንደጨረሰ ግንባሩን እየጠረገ ወጣ። ጋሽ ይሁን አጠገብ ቁጭ አለ።

«ጠበቃ የላትም፤ ራሷ ናት የምትጠይቀው» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ለሁሉም አንድ ጥያቄ ነው። ትምህርቱን ስጨርስ ምን ብላችሁ ጠየቃችሁኝ ትላለች።»

«አንተ ምን አልክ?»

«ስለ ካልሲየም ነው አልኩ። ኃላፊው ግን ስለ ማግኒዚየም ሳይል አልቀረም፤ ዳኛዋ ቀና ብለው አዩኝ። ሰውየው ጃኬት ጃኬት ሲል ዋናውን ነገር ሳይነግረን!»

«ሌላስ?»

«ሃያ ሦስት ተኩል ላይ ግማሿ ነጥብ የምን ናት አሉኝ ዳኛዋ። እሱን እንኳ ደህና አድርጌ መለስኩ። ለአለባበሷ ነው አልኩ፤ ግራጫው ጃኬት አምሮባት ነበር።»

ጋሽ ይሁን አፈሩ። ማፈራቸው እንዳይታይ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። በር ላይ የቆመው ፖሊስ «ምስክርና ምስክር አያወራም» ብሎ ሁለት ዶክተርን ወደ ደረጃው ሸኘው። ሁለት ዶክተር ሰዓቱን እያየ ወረደ፤ ማስተማር አለበት፣ ተማሪ ይጠብቀዋል።

አራተኛው ገብቶ ወጣና የጋሽ ይሁን ስም ተጠራ፤ ቅጽል ስማቸው ሳይሆን የመታወቂያቸው። ሲጠራ ለራሳቸውም የሌላ ሰው ስም መሰላቸው።

ችሎቱ ጠባብ ክፍል ነው፤ አንድ መስኮት፣ ሁለት ረድፍ ወንበር፣ የዳኛዋ ጠረጴዛ፣ ከጎኑ ኮምፒውተር ላይ የተቀመጠ ጸሐፊ። ልጅቷ በግራ በኩል ብቻዋን ተቀምጣለች። ጥቁር ሰማያዊ ሙሉ ልብስ ለብሳለች፤ ፊቷ ያለው ፎልደር ላይ እጆቿን አጣምራለች። ጋሽ ይሁን ግራጫው ከየት እንደመጣ ያኔ ገባቸው። የላቦራቶሪ ጋዋኗ ግራጫ ነው። ኃላፊው በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ሌላ ልብስ ለብሳ አይቷት አያውቅም።

ማሉ። የዩኒቨርሲቲው ጠበቃ የኮቱን ቁልፍ ቆለፈና ተነሣ።

«መምህር፣ በተጠቀሰው ሐሙስ ከሳሽ የሰጠችውን የሙከራ ትምህርት ተከታትለዋል?»

ምላሳቸው ያ ጥርስ ኋላ ከተነቀለበት ክፍት ቦታ ገባ። ኃላፊው ከፊት ረድፍ ላይ ሆኖ በዓይኑ ያበረታታቸዋል፤ በጣቱ ጉልበቱ ላይ የሚፈርም መሰላቸው።

«ትምህርቱን» አሉ፣ «በደንብ አላየሁም።»

ጠበቃው ያልጠበቀው መልስ ነው፤ ቢሆንም ሥራው ነውና ቶሎ አቃናው። «ከኋላ ወንበር ላይ ስለተቀመጡ ነው?»

«ይሁን።»

«እዚህ ይሁን አይባልም» አሉ ዳኛዋ። «አዎ ይበሉ ወይም አይደለም።»

«ወንበሩን አላስታውስም፣ ክብርት ዳኛ። ብቻ በደንብ አላየሁም።»

«ነጥቡን ግን የሰጡት እርስዎ ነዎት?»

«እኔ ነኝ። ለተማሪ እጄ አይጨክንም።»

ጠበቃው ጨርሻለሁ ብሎ ተቀመጠ። ዳኛዋ ወደ ልጅቷ ዞሩ። ጋሽ ይሁን ጥያቄዋን ያውቁታል፤ ካልሲየም ይበሉ ወይስ ማግኒዚየም፣ ገና አልወሰኑም። ልጅቷ ተነሥታ ለጥቂት ጊዜ አየቻቸው።

«ለእሳቸው ጥያቄ የለኝም፣ ክብርት ዳኛ» አለች። «እሳቸው አልበደሉኝም።»

ጋሽ ይሁን ተሰናበቱ። እፎይ ማለት ነበረባቸው፤ እፎይታው ግን አልመጣም። ጸሐፊው ቃላቸውን ከማተሚያው እስኪያወጣ ጠረጴዛው አጠገብ ቆሙ። ለማስረጃ የቀረቡት አምስት ቅጾች እዚያው ተዘርግተዋል፤ ከላያቸው ላይ አማካዩ በቀይ ተጽፏል፣ ሃያ ዘጠኝ ነጥብ ሦስት። ጋሽ ይሁን ሠላሳ አንድ ዓመት ተማሪን «ስሌትህን እንደገና ፈትሽ» ሲሉ የኖሩ መምህር ናቸው። ይኼን ስሌት ግን አንድም ቀን ሠርተውት አያውቁም። ሃያ አምስት፣ ሃያ አራት፣ ሃያ ሦስት ተኩል፣ ሃያ ስድስት። ከዚህ ጋር አርባ ስምንት። ለማለፍ የሚያስፈልገው መቶ ሃምሳ ነው፤ ድምሩ መቶ አርባ ስድስት ተኩል መጣ።

በአርባ ስምንት ፈንታ ሃምሳ ሁለት ጽፈው ቢሆን ልጅቷ ታልፍ ነበር። አራት ነጥብ። ያ ቁጥር አሥር ወር ሙሉ ደግነት መስሏቸው በሆዳቸው የያዙት ነው፤ በስብሰባው ሁሉ እኔ እንኳ አልጨከንኩባትም እያሉ የተጽናኑበት። የጣሏት አራቱ ብቻ አልነበሩም። አራቱ ንቀዋት ጣሏት፤ እሳቸው እየወደዷት ጣሏት። የቱ እንደሚብስ ለማወቅ ዶክተር መሆን አያስፈልግም።

«እዚህ ጋ ይፈርሙ አባቴ» አለ ጸሐፊው ወረቀቱን እየገፋ። «ሌላ መዝገብ እየጠበቀ ነው።»

ጋሽ ይሁን መነጽራቸውን አወጡ።

«ያሉት ነው የተጻፈው፤ አልጨመርኩም አልቀነስኩም» አለ ጸሐፊው።

«እንግዲያውስ ላንብበው።»

አነበቡት። ዘጠኝ መስመር ነው። አራተኛው መስመር ላይ «ትምህርቱን በደንብ አላየሁም» ይላል። እውነትም ያሉት ይህንኑ ነው፤ ጸሐፊው ጥፋት የለበትም። እስክሪብቶውን ወረቀቱ ላይ ሳያሳርፉ ያዙት። ደብዳቤው ትዝ አላቸው፣ ልጃቸው ትዝ አላቸው፣ የቆመችው ስፌት መኪናም ትዝ አለቻቸው።

«አንድ ቃል ይታረምልኝ» አሉ።

«ቃል የሚታረመው ዳኛዋ ፊት ነው፤ እኔ አልችልም።»

«ታዲያ እሳቸው አሉ አይደል?» ብለው ወረቀቱን ይዘው ወደ መሐል ተመለሱ። ኃላፊው ጎረቤቱን በክርኑ ነካ አደረገና ቀጥ ብሎ ተቀመጠ።

«ምንድን ነው?» አሉ ዳኛዋ።

«አንድ ቃል ይውጣልኝ፣ ክብርት ዳኛ።»

«የቱ?»

«በደንብ የሚለው።»

ዳኛዋ ወረቀቱን ተቀብለው መስመሩን በጣታቸው ፈለጉት። «ይኼ ከወጣ ትምህርቱን አላየሁም ይሆናል። ገብቶዎታል?»

«ገብቶኛል። በዚያን ዕለት አሥር ሰዓት ላይ ቤቴ ነበርኩ፤ ጥርሴን አሞኝ። ባለቤቴ ታውቃለች። አንዳችንም አልነበርንም። ጃኬቷንም ኮሪደር ላይ ነው የተማርነው።»

ጠበቃው ሊነሣ ሲል ዳኛዋ በእጃቸው አስቀመጡት። ጋሽ ይሁን ወደ ኃላፊው ዞር አላሉም፤ ቢዞሩ ደብዳቤያቸውን ፊቱ ላይ ያነቡት ነበር። ልጅቷ ቆማለች።

«አሁን አንድ ጥያቄ አለኝ» አለች።

«ጠይቂ» አሉ ዳኛዋ።

«ጋሼ፣ ካላዩኝ አሥራ ሁለቱን በምን ቀነሱብኝ?»

ድምጿ ከፍ አላለም፤ ከኋላ ረድፍ ድረስ ግን ይሰማ ነበር። ጋሽ ይሁን ወለሉን አዩ፣ ከዚያ እሷን አዩ።

«ፈርቼ ነው፣ ልጄ» አሉ። «ሌላ ምክንያት የለውም።»

ጸሐፊው ጣቶቹን ቁልፎቹ ላይ አሳርፎ ወደ ዳኛዋ ተመለከተ። ዳኛዋ ወደ ሽማግሌው ዞሩ።

«ይኼም ቃልዎ ላይ ይግባ?»

«ይጻፍ» አሉ።